የፒሳ ማማ የዳነው በደህናው ጎኑ ነው

የፒሳን ማማ እስከ ጫፉ የወጣ ሰው አንድ የሚያስቅ ነገር ያገኛል። ከሰባተኛው እርከን ወደ ደወሎቹ ክፍል የሚያወጡ አጫጭር ደረጃዎች አሉ። በደቡብ በኩል 6 ናቸው። በሰሜን በኩል ደግሞ 4 ብቻ። ክፍሉ ያው አንድ ክፍል፣ ወለሉም ያው አንድ ወለል ነው። በ14ኛው ክፍለ ዘመን የደወሉን ክፍል የሠሩት ግንበኞች ከእግራቸው ሥር ያለው ማማ መዝመሙን አይተዋል። አፍርሰው አልጀመሩም። የራሳቸውን ወለል አስተካክለው፣ ዝቅ ባለው ጎን ሁለት ደረጃ ጨምረው ሥራቸውን ቀጠሉ።

እኔ እነዚህን ግንበኞች እወዳቸዋለሁ። ማማው ዘሟል፣ በቃ ዘሟል። አብረውት ሠሩ። ጣጣው የመጣው ከነሱ በኋላ "እንርዳው" ባሉት ሰዎች ነው።

እዚህ የማወራው ማማው ለሕዝብ ተዘግቶ ስለቆየባቸው ወደ 12 የሚጠጉ ዓመታት ነው፤ ከ1990 እስከ 2001። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ግን ታሪኩ ከዚያ በጣም ቀደም ብሎ ይጀምራል። የቆየውን ሳናይ መሐንዲሶቹ ለምን እንደዚያ እንደፈሩ አይገባንም። ነገሩን ሳገላብጠው አንድ ነገር ደጋግሞ ይመጣብኛል። ማማውን በሚሰምጠው ጎኑ የነካው ሰው ሁሉ ጎድቶታል። የዳነው ማንም ቅሬታ በሌለበት በሰሜኑ ጎን በተሠራ ሥራ ነው።

መጀመሪያ መሬቱ

ፒሳ ወንዝና ባሕር ባመጡት ደለል ላይ የተቀመጠች ከተማ ናት። ከማማው ሥር መጀመሪያ 10 ሜትር ያህል ደለልና አሸዋ ተቀላቅሎ ይገኛል። ከዚያ እስከ 40 ሜትር ጥልቀት ድረስ በአብዛኛው ለስላሳ የባሕር ሸክላ አፈር ነው። ጣሊያኖቹ ፓንኮኔ ይሉታል። ከሱ በታች ነው ጠንካራ አሸዋ የሚመጣው።

ማማው 14,500 ቶን ገደማ ይመዝናል። መሠረቱ ቀለበት የመሰለ ነው። ከዳር እስከ ዳር 19.6 ሜትር፣ ጥልቀቱ ደግሞ 3 ሜትር ገደማ ብቻ። ክብደቱን ለስፋቱ ስናካፍለው እያንዳንዱ ካሬ ሜትር 50 ቶን ያህል ተሸክሟል ማለት ነው። ለስላሳ ሸክላ ላይ! ሰው ሁሉ የሚያወራው ስለ መዝመሙ ነው እንጂ ማማው በአማካይ ወደ 3 ሜትር ሊጠጋ ሰምጧል። ቀጥ ብሎ ቢሰምጥ ኖሮ ዛሬ ስሙን የሚያውቅ ሰው ጥቂት በሆነ ነበር።

ግንባታው የተጀመረው በ1173 ነው። በ1178 አራተኛው እርከን ላይ ሲደርስ ቆመ። የቆመውም ለ100 ዓመት ሊጠጋ ነው። ሥራው የቀጠለው በ1272 ነው፣ ጆቫኒ ዲ ሲሞኔ በሚባል አርክቴክት እጅ። በ1278 ሰባተኛውን እርከን ጨርሶ እንደገና ቆመ። ፒሳ በ1284 በሜሎሪያ የባሕር ውጊያ በጄኖዋ ክፉኛ ተመታች። የደወሉ ክፍል የተጨመረው በ1360ዎቹ አካባቢ ነው።

እነዚህ ሁለት ማቆሚያዎች ናቸው ማማውን ያቆዩት። ሸክላ አፈር ውሃ እንደጠጣ ስፖንጅ ነው። ስትጫነው ውሃው ይወጣል፣ ሲወጣ ደግሞ አፈሩ ይጠነክራል። ችግሩ ውሃው የሚወጣው ቀስ ብሎ፣ በዓመታት መሆኑ ነው። ግንበኞቹ በ1178 ሳያቆሙ ቢቀጥሉ ኖሮ ሸክላው ከሥሩ ይከዳቸው ነበር። በ1278ም እንደዚሁ። ሁለቱም ጊዜ ማንም ሳያስበው አፈሩ የሚያስፈልገውን እረፍት አገኘ።

ደግሞ መጀመሪያ ላይ ማማው የዘመመው ወደ ሰሜን ነበር። በጣም ትንሽ ነው፣ ግን ወደ ሰሜን። በሁለተኛው ዙር ግንባታ ነው ሐሳቡን ቀይሮ ወደ ደቡብ የዞረው። ግንበኞቹ በየእርከኑ ድንጋዩን በአንድ በኩል ወፍራም፣ በሌላው ቀጭን አድርገው እየጠረቡ ሊያቃኑት ሞክረዋል። ለዚህ ነው ማማው እንደ ቀጥ ያለ ዱላ ያልዘመመው። በደንብ ለሚያየው ሰው እንደ ሙዝ ጎበጥ ያለ ነው።

ሁለት እርዳታዎች

በ1838 አሌሳንድሮ ጌራርዴስካ የሚባል አርክቴክት አንድ ነገር ከነከነው። ማማው ስለሰመጠ የዓምዶቹ እግር ከመሬት በታች ቀርቶ ነበር። ሰው ያንን ውበት እንዲያይ ዙሪያውን መተላለፊያ አስቆፈረ። ካቲኖ ይባላል፤ ጎድጓዳ ሳህን እንደማለት ነው። በደቡብ በኩል ግን ማማው ይበልጥ ስለሰመጠ ቁፋሮው ከከርሰ ምድር ውሃው ደረጃ በታች ገባ። ውሃው ገንፍሎ መጣ። ማማው ወደ ግማሽ ዲግሪ ያህል ዘመመ። ግማሽ ዲግሪ ትንሽ ይመስላል። 56 ሜትር በሚጠጋ ማማ ጫፍ ላይ ግን ግማሽ ሜትር ሊሆን ምንም አይቀረው። ልትኳል ሄዳ ዓይኗን አጠፋች የሚባለው ይኼ ነው።

ሁለተኛው እርዳታ የመጣው በሙሶሊኒ ዘመን ነው። በ1934 መሠረቱ ላይ 361 ቀዳዳዎች ተቆፈሩ። በነሱም 80 ቶን ገደማ የሲሚንቶ ውህድ ተገፍቶ ገባ። ሐሳቡ መሠረቱን ማጠንከርና ካቲኖው ውሃ እንዳያስገባ ማድረግ ነበር። ማማው ግን ድንገት ወደ ደቡብ ተንቀሳቀሰ።

ከዚያም በ1970ዎቹ በአካባቢው ከጥልቁ አሸዋ ውስጥ ብዙ ውሃ በፓምፕ ሲወጣ መዝመሙ ፈጠነ። ጉድጓዶቹ ሲዘጉ ወደ ቀድሞ ፍጥነቱ ተመለሰ። ይህን በአጭሩ ልለፈው። ቢያንስ የዚህኛው መድኃኒት ቀላል ነበር።

በ1980ዎቹ መጨረሻ ማማው 5.5 ዲግሪ ዘሟል። ሰባተኛው እርከን ከመሠረቱ አንጻር 4.5 ሜትር ወደ ደቡብ ወጥቷል። በየዓመቱም ጫፉ በ1.5 ሚሊሜትር ገደማ ይጨምራል።

ፓቪያ

ማርች 17 ቀን 1989 ጠዋት በሰሜን ጣሊያን ፓቪያ ከተማ አንድ የመካከለኛው ዘመን ማማ ተደረመሰ። ያለ ማስጠንቀቂያ። 4 ሰዎች ሞቱ። የዚያ ማማ ችግር መሬቱ አልነበረም፤ የከዳው ግድግዳው ራሱ ነው።

ይህ የፒሳን ጉዳይ ገለበጠው። እስከዚያ ድረስ ስጋቱ ማማው አንድ ቀን ያጋድላል የሚል ነበር። አሁን ሌላ ጥያቄ መጣ፦ ሳያጋድል በፊት ድንጋዩ ቢፈነዳስ? የፒሳ ማማ ግድግዳ ከውጭና ከውስጥ እምነበረድ ነው። መሀሉ ግን በኖራ የተያያዘ የድንጋይ ኮተት ነው። በዚህ ግድግዳ ውስጥ ደግሞ ደረጃው እየተጠማዘዘ ይወጣል። ስለዚህ ግድግዳው ቦታ ቦታ ላይ ክፍተት አለው። በደቡብ በኩል፣ ከመጀመሪያው እርከን በላይ፣ ጭነቱ ሁሉ የሚያርፈው እንዲህ ባለ ደካማ ቦታ ላይ ነው። ሰው በየቀኑ ተሰልፎ የሚወጣበት ግድግዳ ማለት ነው።

ጃንዋሪ 7 ቀን 1990 ማማው ተዘጋ። መንግሥት ኮሚቴ አቋቋመ። ሊቀመንበሩ ፖላንድ ተወልዶ ቱሪን የሚያስተምረው የአፈር ምህንድስና ሊቅ ሚኬሌ ያሚኦልኮቭስኪ ነበር። ከአባላቱ አንዱ ከለንደን ኢምፔሪያል ኮሌጅ የመጣው ጆን በርላንድ ነው። ከቢግ ቤን አጠገብ የመሬት ውስጥ መኪና ማቆሚያ ሲሠራ የመሬቱን ነገር የያዘ ሰው ነው። ኮሚቴው ውስጥ መሐንዲሶች ብቻ አልነበሩም። የሥነ ጥበብ ታሪክ ሰዎችና የቅርስ ጥገና ባለሙያዎችም ነበሩ። ይህ ስብሰባዎቹን አስረዝሟቸዋል ብዬ እገምታለሁ። ሥራውን ግን ጠቅሞታል። አንዱ "ብረት እናስገባ" ሲል ሌላው "ከ800 ዓመት በኋላ ምን ሊመስል?" ይላል።

ለማቃናት የመጣ ሐሳብማ ከዓለም ዙሪያ ጎርፏል። ኮሚቴው ግን ከመጀመሪያው የወሰነው ነገር ነበር። ማማውን ቀጥ አያደርጉትም። ቀጥ ያለ የፒሳ ማማ ማን ይፈልጋል? የሚፈለገው ትንሽ መመለስ ነው፤ ዓይን የማያየው፣ ድንጋዩ ግን የሚያውቀው።

ወደ ላይ የሚነሳው ጎን

ወፍራም ፍራሽ ላይ አንድ ረጅም ጠርሙስ አቁሙ። ትንሽ ሲዘነብል ፍራሹ በዚያ በኩል ይጎደጉዳል። ሲጎደጉድ ጠርሙሱ የበለጠ ይዘነብላል። ሲዘነብል ደግሞ የበለጠ ይጎደጉዳል። የፍራሹ ጥንካሬ ምንም ያህል ቢሆን ጠርሙሱ ከአንድ ቁመት ካለፈ መቆም አይችልም። የፒሳ ማማ ያለው በዚህ ጫፍ ላይ ነበር። ቡድኑ የአፈሩንና የማማውን ባሕርይ በኮምፒውተር ሲያስመስል ሞዴሉ ከ5.44 ዲግሪ በላይ አልቆም አለ። እውነተኛው ማማ በ5.5 ዲግሪ ላይ ቆሞ ነበር።

ይህን ሳነብ ጀርባዬን በረደኝ። ስሌቱ "ይህ ነገር ወድቋል" ይላል። ማማው ደግሞ እዚያው አደባባዩ ላይ ቆሟል።

ሁለተኛው ግኝት ከዚህም ይበልጣል ባይ ነኝ። ለዘመናት ሰው ሁሉ ደቡቡ ወደ ጥልቁ ሸክላ እየሰመጠ ነው ብሎ ያምን ነበር። የድሮ ልኬቶች አንድ ላይ ተሰብስበው ሲታዩ ግን ሌላ ነገር ወጣ። በ20ኛው ክፍለ ዘመን የመሠረቱ ሰሜናዊ ጠርዝ ወደ ላይ ይነሳ ነበር። ማማው የሚሽከረከረው በመጀመሪያው እርከን ቁመት ላይ ባለ ነጥብ ዙሪያ ነው። ይህ ማለት ጥፋቱ ከ40 ሜትር ጥልቀት የመጣ አይደለም። ያለው ከላይኛው 10 ሜትር ውስጥ ነው። ኃይለኛ ዝናብ በዘነበ ቁጥር በሰሜን በኩል የከርሰ ምድር ውሃው ብድግ ይላል፣ ማማውን ለጥቂት ወደ ደቡብ ይገፋዋል። ውሃው ሲመለስ ማማው ሙሉ በሙሉ አይመለስም። በየዓመቱ ትንሽ፣ በየዓመቱ ትንሽ።

እና ሰሜኑ ከተነሳ፣ ሰሜኑ ላይ መጫን ይቻላል ማለት ነው። ቀደም ሲል ይህን የሚያስብ ሰው ቢኖር "ክብደት ጨምረህ ጨርሶ ልታሰምጠው ነው?" ይባል ነበር።

መጀመሪያ፣ በ1992፣ የግድግዳው ደካማ ቦታ በ18 የብረት ገመዶች ዙሪያውን ተጠፈረ። ጊዜያዊ ነው፣ ሲፈለግ ይፈታል። በ1993 ደግሞ በሰሜኑ እግር ላይ የኮንክሪት ቀለበት ተሠርቶ እርሳስ የሚባለው ከባድ ብረት በትልልቅ ድፍን ተቆለለ። 600 ቶን። ያማረ እምነበረድ ሥር የተቆለለ ግራጫ ብረት ለዓይን የሚያስጠላ ነበር፤ ብዙ ሰው አጉረመረመ። ማማው ግን በታሪኩ ከሚታወቀው ጊዜ ሁሉ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ሰሜን ተመለሰ። ከአንድ ዲግሪ ስድሳኛ ክፍል ያነሰ ነው። ቢሆንም ተመለሰ።

አንድ ነገር ልብ በሉ። በ1934 የገባውን ሲሚንቶ ማንም መልሶ ሊያወጣው አይችልም። እርሳሱን ግን ነገ ጠዋት ማንሳት ይቻላል። ኮሚቴው ጥሩ ሲሠራ የሠራው እንዲህ ነው። ሲሳሳት ደግሞ ይህን ረስቶ ነው።

ጥቁሩ ሴፕቴምበር

ስህተቱ የመጣው ከውበት ነው። እርሳሱ አስቀያሚ ነው ተባለ። ስለዚህ ይነሳና በምትኩ 10 ጠንካራ ገመዶች በሰሜን በኩል ወደ ጥልቁ አሸዋ ተቀብረው ማማውን ወደ ታች ይሳቡት የሚል ዕቅድ ወጣ። ገመዶቹ የሚታሰሩበት አዲስ የኮንክሪት ቀለበት ከካቲኖው ወለል ሥር ዙሪያውን መሠራት ነበረበት። እዚያ ደግሞ ውሃ አለ። በ1838 የገነፈለው ያው ውሃ።

ውሃው እንዳይገባ መሬቱን በፈሳሽ ናይትሮጂን ማቀዝቀዝ ተመረጠ። አፈሩ በረዶ ሲሆን እንደ ግድግዳ ይቆማል፣ ከዚያ ትንሽ ትንሽ እየቆፈሩ ኮንክሪት መሙላት ነው። ቁፋሮው ያልተጠበቀ ነገርም አወጣ። ከካቲኖው ሥር ያለው የድሮ ኮንክሪት ከማማው መሠረት ጋር ተያይዞ ተገኘ። ማንም ያልመዘገበው ሥራ ማለት ነው።

በሰሜን በኩል የሠራው ነገር ወደ ደቡብ ሲዞር ከዳ። በሴፕቴምበር 1995 አንድ ሌሊት ማማው ባለፈው ዓመት ሙሉ ከተንቀሳቀሰው በላይ ወደ ደቡብ ሄደ። በአንድ ሌሊት! ማቀዝቀዣው ቆመ። ቡድኑ ያለውን እርሳስ እየጫነ 900 ቶን አደረሰው። ማማው ቀስ ብሎ ተረጋጋ። አስቀያሚ የተባለው እርሳስ ነው ያተረፋቸው።

ዝም ብዬ ሳስበው 1838 እና 1995 አንድ ታሪክ ናቸው። በመጀመሪያው የተደበቀ ውበት ለማሳየት ተቆፈረ። በሁለተኛው የታየ አስቀያሚ ነገር ለመደበቅ ተቆፈረ። ሁለቱም ጊዜ ቁፋሮው ደቡብ ላይ ደረሰ፣ ሁለቱም ጊዜ ውሃ ነበር፣ ሁለቱም ጊዜ ማማው ወደ ደቡብ ሄደ። ልዩነቱ በ1995 ማማው ላይ እንቅስቃሴውን የሚከታተሉ መለኪያዎች መኖራቸው ነው። ጌራርዴስካ ጥፋቱን ሲያውቅ ነገሩ አልቋል። እነዚህ ግን በዚያው ሌሊት አወቁ።

ከዚያ የጨለማ ጊዜ መጣ። በጣሊያን ሕገ መንግሥት መሠረት መንግሥት የሚያወጣው አስቸኳይ አዋጅ በ60 ቀን ውስጥ ፓርላማው ካላጸደቀው ይወድቃል። ኮሚቴው የቆመው በእንዲህ ያለ አዋጅ ነበር። አዋጁ እየወደቀ እየታደሰ፣ እየወደቀ እየታደሰ ይሄዳል። አንዳንዴ ኮሚቴው ጭራሽ የለም። ማማው 900 ቶን እርሳስ ተሸክሞ ወረቀት ይጠብቃል። ሴፕቴምበር 26 ቀን 1997 በመሬት መንቀጥቀጥ የአሲዚ የቅዱስ ፍራንቸስኮ ቤተ ክርስቲያን ጣሪያ ተደርምሶ 4 ሰዎች ሲሞቱ ነው ፖለቲከኞቹ የነቁት። ሥራው እንዲቀጥል ተፈቀደ።

አንድ ጀሪካን አፈር

የመጨረሻው ዘዴ አዲስ አልነበረም። ፌርናንዶ ቴራቺና የሚባል ጣሊያናዊ መሐንዲስ በ1962 ሐሳብ አቅርቦ ነበር። ደቡቡን ከፍ ማድረግ ካልተቻለ ሰሜኑን ዝቅ እናድርገው። እንዴት? ከሥሩ አፈር በማውጣት።

ስትሰሙት ዕብደት ይመስላል። ሊወድቅ የደረሰ ግንብ ሥር መቆፈር! ለዚህም ነው ለ30 ዓመት ማንም ያልደፈረው። በሜክሲኮ ሲቲ ግን ትልቁ ካቴድራል ወጣ ገባ ሆኖ ሲሰምጥ ተመሳሳይ ነገር ሠርቷል። ኮሚቴው እዚያው ፒሳ፣ በማማው አደባባይ፣ 7 ሜትር ስፋት ያለው የሙከራ መሠረት ሠርቶ፣ አንድ ጎኑን አክብዶ፣ ከሥሩ አፈር አውጥቶ አየ። ሠራ።

ስሌቱ አንድ ወሳኝ ነገርም አሳየ። መሠረቱ ሥር የማይታይ መስመር አለ። ከሰሜኑ ጠርዝ ወደ ውስጥ በግማሽ ሬዲየስ፣ ማለትም 5 ሜትር ገደማ ላይ ነው። አፈሩ ከመስመሩ ወዲህ፣ በሰሜን በኩል፣ ከወጣ ማማው ይቃናል። ከመስመሩ አልፎ ወደ ደቡብ ከሆነ ግን ይብሳል። የ800 ዓመት ታሪክ በአንድ መስመር ተጠቃሎ አገኘሁት።

ሥራው እንዲህ ነው። ከማማው በስተሰሜን መሰርሰሪያ ይቆማል። የብረት ቱቦ ሰያፍ ሆኖ ወደ መሠረቱ ሥር ይገባል። በቱቦው ውስጥ ጠመዝማዛ መሰርሰሪያ አለ። ቱቦው በአንድ አቅጣጫ፣ መሰርሰሪያው በሌላው ይዞራል፤ በዙሪያው ያለው አፈር እንዳይረበሽ ነው። ጫፉ ላይ ሲደርስ 20 ሊትር ያህል አፈር ያወጣል። አንድ ጀሪካን ማለት ነው። መሰርሰሪያው ሲሳብ ትንሽ ባዶ ቦታ ይቀራል። ከላይ ያለው አፈር በራሱ ጊዜ ገብቶ ይሞላዋል። በዚያ በኩል ማማው ከፀጉር ባነሰ ልክ ዝቅ ይላል። ከዚያ ይለካል። ከዚያ ይጠበቃል።

በርላንድ ለንደን ተቀምጦ በየቀኑ የማማውን ልኬት በፋክስ ይቀበላል። አይቶ፣ አስቦ፣ የነገው ቀዳዳ የትኛው እንደሆነና ስንት ሊትር እንደሚወጣ ጽፎ ይመልሳል። እኔን የሚስበኝ ይኼ ነው። ሙሉ ዕቅድ ቀድሞ ተሠርቶ አልተፈጸመም። ማማው ዛሬ ባደረገው ላይ ነው የነገው የሚወሰነው።

ለማንኛውም ብለው በ1998 መጨረሻ ሁለት የብረት ገመዶች ከማማው ወገብ ወደ ሰሜን ዘርግተው ራቅ ብለው በቆሙ የብረት ማገሮች ላይ አሰሩ። የሚስቡት አልነበሩም። ማማው ቢደነግጥ የሚይዙት ናቸው።

ፌብሩዋሪ 9 ቀን 1999 የመጀመሪያው አፈር ወጣ። በ12 ቀዳዳዎች ብቻ፣ ለሙከራ። ለአንድ ሳምንት ያህል ማማው ምንም አላለም። እዚያ የነበሩት ሰዎች ያንን ሳምንት እንዴት እንዳለፉት አስቡት። የምታወጣው አፈር አለ፣ ማማው አይንቀሳቀስም፣ ምን እያጠራቀመ እንደሆነ አታውቅም። ከዚያ ቀስ ብሎ ወደ ሰሜን መዞር ጀመረ። ጁን ላይ ቁፋሮው ሲቆምም ማማው ትንሽ መቀጠሉ አልቀረም። በጁላይ ከ97ቱ የእርሳስ ድፍኖች 3ቱን ሲያነሱ እንቅስቃሴው ቆመ። 14,500 ቶን ድንጋይ 3 ድፍን ብረት ሲነሳለት መልስ ይሰጣል። በዚህ ጊዜ ነው መሪው በእጃቸው እንደገባ ያወቁት።

ዋናው ሥራ በፌብሩዋሪ 2000 በ41 ቀዳዳዎች ተጀመረ። እያወጡ፣ እየለኩ፣ እርሳሱንም እየቀነሱ ሄዱ። በ2001 መጀመሪያ የመጨረሻው እርሳስ ተነሳ። በጁን ቁፋሮው አለቀ። በጠቅላላው የወጣው አፈር 38 ሜትር ኩብ ገደማ ነው። ሦስት ገልባጭ መኪና እንኳን በቅጡ አይሞላም።

ማማው ግማሽ ዲግሪ ተመለሰ። ጫፉ ላይ ከ40 ሴንቲሜትር በላይ ነው። ይህን ቁጥር ቀደም ሲል አይተነዋል። ጌራርዴስካ በ1838 የወሰደው ግማሽ ዲግሪ ነበር።

ከዚያ በኋላ

ዲሴምበር 15 ቀን 2001 ማማው ተከፈተ። በሰሜን በኩል የከርሰ ምድር ውሃውን ከፍና ዝቅ እንዳይል የሚይዝ የማፍሰሻ ሥርዓት ተሠራለት። በየዝናቡ የሚመጣው ግፊት እንዲቆም ነው። በ2008 በርላንድና ባልደረቦቹ መለኪያዎቹ እንቅስቃሴ መቆሙን እንደሚያሳዩ ተናገሩ።

አንድ ነገር ልጨምር። አካባቢው ከ1280 ወዲህ ቢያንስ 4 ኃይለኛ የመሬት መንቀጥቀጥ አይቷል። በ5 ዲግሪ የዘመመ ማማ በአንዱም አልወደቀም። በ2018 የብሪስቶል ዩኒቨርሲቲ ያለበት የተመራማሪዎች ቡድን ምክንያቱን አቀረበ። ማማው ረጅምና ጠንካራ ነው፣ አፈሩ ደግሞ በጣም ለስላሳ ነው። ሁለቱ ሲገናኙ የማማው ንዝረት ከመሬቱ ንዝረት ጋር አይገጥምም፤ ስለዚህ አይናወጥም። ያዘመመው አፈር ነው እንዳይወድቅ የያዘው።

ዛሬም ሰዎች ሣሩ ላይ ቆመው እጃቸውን ዘርግተው ማማውን የሚደግፉ መስለው ፎቶ ይነሳሉ። ሁሉም መዳፋቸውን የሚያደርጉት በሚዘምበት በኩል ነው።